የሠራተኛ ደስታ ከደመወዝ ባሻገር፤ የአራዳና የፒያሳ የሥራ ሕይወት የሚያስተምረው

ከጧቱ ሁለት ሰዓት ሲቃረብ ከፒያሳ ወደ ማዘጋጃ ቤት የሚያወጣው ዳገት በሠራተኛ ይሞላል። የቢሮ ሠራተኛው ቦርሳውን አንግቶ ይጣደፋል፤ ባለሱቁ የብረት መዝጊያውን ገፍቶ ይከፍታል፤ ሊስትሮው ሳጥኑን አስቀምጦ ብሩሾቹን ይደረድራል፤ አስተናጋጇ የዕለቱን የመጀመሪያ ማኪያቶ ለደንበኛዋ ታቀርባለች። ሁሉም በየፊናው ለዕለት እንጀራው የወጣ ነው። ይሁን እንጂ አንዱ ወደ ሥራው የሚያመራው በተከፈተ ልብ ሲሆን፣ ሌላው ገና የመሥሪያ ቤቱን ደጃፍ ሳይረግጥ የመውጫውን ሰዓት ማስላት ይጀምራል።

በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ከየት ይመነጫል ለሚለው ጥያቄ በቅድሚያ የሚሰጠው መልስ ደመወዝ የሚል ነው። መልሱ ሐሰት አይደለም። የቤት ኪራዩንና የልጆቹን የትምህርት ቤት ወጪ መሸፈን ያቃተው ሠራተኛ በሥራህ ደስ ይበልህ ቢባል ምክሩ ስላቅ ይሆንበታል። ነገር ግን እኩል ደመወዝ እየተከፈላቸው፣ በአንድ ክፍል ውስጥ ጎን ለጎን ከሚሠሩ ሁለት ሰዎች አንዱ ሲበረታ ሌላው ሲዝል የሚታይበት ጊዜ ጥቂት አይደለም። በመሆኑም ሥራ ከገንዘብ ሌላ ለሰው የሚሰጠው፣ ሲጎድልም ሰውን የሚጎዳው ነገር እንዳለ መረዳት አያዳግትም።

ከአዲስ አበባ ቀደምት የሥራና የንግድ ማዕከላት አንዱ የሆነው የአራዳና የፒያሳ አካባቢ ይህን ጉዳይ ለመመርመር ጥሩ አብነት ነው። የከተማዋ ቀደምት ገበያ፣ የመጀመሪያዎቹ ዘመናዊ ሱቆች፣ የእቴጌ ጣይቱ ሆቴል፣ በ1927 ዓ.ም. የተመሠረተው የሀገር ፍቅር ቴአትር፣ በ1950ዎቹ የተገነባው የማዘጋጃ ቤት ሕንፃና ለረጅም ዓመታት የታወቁት ወርቅ ቤቶች የሚገኙት ወይም የነበሩት በዚሁ አካባቢ ነው። የእጅ ባለሙያው፣ ነጋዴው፣ አርቲስቱና የመንግሥት ሠራተኛው ከመቶ ዓመት በላይ ጎን ለጎን ሲሠሩ የኖሩበት ሥፍራ በመሆኑ፣ ሥራ ሰውን የሚያስደስተውና የሚያስከፋው በምን ምክንያት እንደሆነ ብዙ የሚናገረው አለው።

በቅድሚያ የአእምሮ ደኅንነት ሲባል ምን ማለት እንደሆነ መገንዘብ ይገባል። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚያስረዳው የአእምሮ ጤና የአእምሮ ሕመም አለመኖር ብቻ አይደለም። ሰው የሕይወትን ውጣ ውረድ መቋቋም፣ ችሎታውን ማወቅ፣ በሚገባ መማርና መሥራት እንዲሁም ለሚኖርበት ኅብረተሰብ አስተዋጽኦ ማድረግ የሚችልበት ሁኔታ ነው። ከዚህ አንጻር በሥራ ቦታ ደስተኛ መሆን ማለት ቀኑን ሙሉ መሳቅ ማለት አይደለም። አስቸጋሪ ሥራ የሚሠራ፣ አንዳንዴም የሚናደድና የሚደክም ሰው ሥራው ትርጉም ካለው፣ ከተከበረበትና ብቻውን ካልሆነ የመንፈስ ደስታ ሊኖረው ይችላል። በአንጻሩ ቀላል ሥራ ይዞ በየዕለቱ የሚዋረድ ሰው ውስጡ ይጎዳል።

ለመሆኑ የሠራተኛን መንፈስ ከሚገነቡት ነገሮች የመጀመሪያው ምንድን ነው? የአራዳ ታሪክ የሚሰጠው መልስ ክብር የሚል ነው። ዳግማዊ ምኒልክ አዲስ አበባን ሲያቀኑ ለቤተ መንግሥቱ ሥራ የሚያስፈልጉ የእጅ ባለሙያዎችን በአንድ አካባቢ አሰፈሩ። ከፒያሳ አጠገብ የሚገኘው ሠራተኛ ሰፈር ስሙን ያገኘው ከነዚህ ባለሙያዎች ነው። ይሁንና በዚያ ዘመን ብረት የሚቀጠቅጠው፣ ሸማ የሚሠራው፣ ቆዳ የሚያለፋውና ሸክላ የምትሠራው ሁሉ የኅብረተሰቡን ኑሮ በእጃቸው ይዘው ሳለ በሙያቸው ይሰደቡ ነበር። አንጥረኛው ቡዳ ነው ተብሎ ይታማል፤ ሸማኔውና ፋቂው በስማቸው ሳይሆን በማዋረጃ ቃል ይጠራሉ። ማረሻውን የሚሠራለትን ሰው የሚንቅ፣ የለበሰውን ሸማ የሠራለትን የሚያንቋሽሽ ብዙ ነበር።

ንጉሠ ነገሥቱ ይህ ስድብ ሥራን እንደሚያጠፋ በመገንዘብ፣ በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ባለሙያን በሙያው መስደብን የሚከለክል አዋጅ ማስነገራቸው በታሪክ ተመዝግቧል። የአዋጁ መንፈስ ግልጽ ነው። የሚዋረድ ሰው ሙያውን ይደብቃል፣ ለልጁም አያስተምርም፤ ሙያው ሲጠፋ ደግሞ የምትጎዳው ሀገር ናት። አዋጁ ንቀቱን በአንድ ጊዜ ነቅሎ አልጣለውም። ያም ሆኖ የሠራተኛ ክብር የመንግሥት ጉዳይ እንደሆነ በአደባባይ የተነገረበት ቀደምት አጋጣሚ በመሆኑ ሊታወስ ይገባዋል።

ዛሬ ስድቡ መልኩን ለውጦ ሊገኝ ይችላል። አስተናጋጅን በፉጨት የሚጠራ ደንበኛ፣ የጽዳት ሠራተኛዋን ለዓመታት እያየ ስሟን የማያውቅ የቢሮ ባልደረባ፣ ሠራተኛውን በሰው ፊት የሚዘልፍ ኃላፊ የዚያ ዘመን ንቀት ወራሾች ናቸው። እንዲህ ያለው ድርጊት እንደ ቀላል ነገር ቢታይም በሚፈጸምበት ሰው ላይ የሚያሳድረው ጫና ቀላል አይደለም። የተዘለፈው ሠራተኛ ቀሪውን ቀን የሚያሳልፈው ሥራውን በማሰብ ሳይሆን የተነገረውን ቃል በማመንዠክ ነው። ማታም ቃሉን ይዞት ወደ ቤቱ ይገባል፤ በትዳር ጓደኛውና በልጆቹ ላይም ይወጣል። ከፍትፍቱ ፊቱ የሚለው ብሂል ለማዕድ ብቻ ሳይሆን ለሥራ ቦታም ይሠራል።

ከክብር ቀጥሎ የሚጠቀሰው ሠራተኛው በሥራው ላይ ያለው የመወሰን ድርሻ ነው። ፒያሳን በወርቅ ቤቶቿ የሚያውቅ ሰው የወርቅ ሠሪውን አሠራር ያስታውሳል። ባለሙያው ወርቁን ያቀልጣል፣ ያሳሳል፣ ይቀርጻል፣ ያጸዳል። ጠዋት ጥሬ ሆኖ የተቀበለው ነገር ማታ ቀለበት ሆኖ በእጁ ያየዋል። ሥራው ጥንቃቄ የሚጠይቅና ዓይን የሚያደክም ቢሆንም፣ የት ላይ እንደሚጀምር፣ እንዴት እንደሚያበጀው የሚወስነው ራሱ ነው። ደንበኛው ለሠርጉ ቀን ቀለበቱን አጥልቆ ሲወጣ ድካሙ ምን እንደሆነ ለወርቅ ሠሪው ማንም ሊነግረው አያስፈልግም።

በአንጻሩ በአንድ የአገልግሎት መስኮት የተቀመጠን ሠራተኛ እንመልከት። ከፊቱ ረጅም ሰልፍ አለ። ባለጉዳዩ ይቆጣል፤ ጉዳዩን የሚወስነው ግን ሌላ ክፍል ነው። ፋይሉ የት እንደደረሰ እርሱም አያውቅም። ነገ ይመለሱ ከማለት በቀር የሚሰጠው መልስ የለውም፤ ይህን በማለቱም ወቀሳው የሚያርፈው በርሱ ላይ ነው። የሚሠራው ሥራ ብዙ፣ ሥልጣኑ ግን ጥቂት ነው። እንዲህ ያለው ሠራተኛ ከጊዜ በኋላ ለባለጉዳዩ ፊት የሚነሳው ክፉ ሰው ሆኖ ላይሆን ይችላል፤ ራሱን ከማያባራ ወቀሳ የሚከላከልበት ሌላ መንገድ አጥቶ እንጂ።

ይህ ከምልከታ የመነጨ አስተያየት ብቻ አይደለም። ሮበርት ካራሴክ የተባሉ አሜሪካዊ ምሁር እ.ኤ.አ. በ1979 ባሳተሙት ጥናት ሠራተኛን ይበልጥ የሚጎዳው የሥራ መብዛት ብቻውን ሳይሆን፣ የሥራ ጫና ከመወሰን ነፃነት ማነስ ጋር ሲደመር መሆኑን አመልክተዋል። በለንደን የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ሠራተኞች ላይ እ.ኤ.አ. ከ1967 ጀምሮ የተካሄዱትና ዋይትሆል በሚል ስም የሚታወቁት ጥናቶችም ከዚህ ጋር የሚስማማ ውጤት አሳይተዋል። በጥናቶቹ መሠረት በልብ ሕመም ይበልጥ ይጠቁ የነበሩት ከፍተኛ ኃላፊነት የተሸከሙት አለቆች ሳይሆኑ በዝቅተኛ የሥራ ደረጃ ላይ የሚገኙት ሠራተኞች ነበሩ። በኋላ የተደረገው ምርመራ ደግሞ ከምክንያቶቹ አንዱ በሥራ ላይ ያለ የመወሰን ድርሻ ማነስ መሆኑን ገልጿል።

ስለዚህ አንድ መሥሪያ ቤት በመስኮት ላይ ለሚሠራው ባልደረባ ጥቂት ጉዳዮችን በራሱ የመጨረስ ሥልጣን ቢሰጠው የሚጠቀመው ባለጉዳዩ ብቻ አይደለም፤ ሠራተኛውም ጭምር ነው። የሥራ ድርሻን በግልጽ መለየት፣ አዲስ አሠራር ከመተግበሩ በፊት ሠራተኛውን ማማከር፣ የሰጠው ሐሳብ ተቀባይነት ካላገኘም ምክንያቱን መንገር ብዙ ገንዘብ የማይጠይቁ እርምጃዎች ናቸው። በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ የሚደረገውን ለውጥ ከማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ የሚያነብ ሠራተኛ ራሱን የቤቱ ባለቤት አድርጎ ሊቆጥር አይችልም።

ሦስተኛው ጉዳይ የባልደረባ ድጋፍ ነው። በዚህ ረገድ የአዲስ አበባ ሠራተኛ ከቆየ ባህሉ የወረሰው ሀብት ከፍተኛ ነው። ከረፋዱ አራት ሰዓት ላይ የሚጠጣው ቡና፣ በአንድ ትሪ ዙሪያ የሚበላው ምሳ፣ በወር የሚጣለው ዕቁብ፣ የመሥሪያ ቤቱ እድርና የጽዋ ማኅበሩ ሁሉ በደንብ የተጻፈ የሠራተኛ ደኅንነት መርሐ ግብር ባይሆኑም ሥራቸው ከዚያ የሚተናነስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1953 እንደተመሠረተው እንደ ቶሞካ ባሉ የፒያሳ ቡና ቤቶች ቆመው አንድ ስኒ ቡና የሚጠጡ ሰዎች በዚያች አጭር ጊዜ ውስጥ ስለ ቤት፣ ስለ ልጅና ስለ አለቃ ያወራሉ፤ ቀልደውም ይለያያሉ። የተጨነቀ ሰው ለመጀመሪያ ጊዜ ጭንቀቱን የሚተነፍሰው በአብዛኛው ለሐኪም ሳይሆን እንዲህ ባለ ሥፍራ ለሚያገኘው ባልደረባ ነው።

የእድርና የዕቁብ ጥቅምም በገንዘብ ብቻ የሚለካ አይደለም። ዕቁብ የደረሰው ወር ለባለ አነስተኛ ደመወዙ ሠራተኛ የልጅ ልብስ፣ የቤት ዕቃ ወይም የዕዳ መክፈያ ነው። ከዚያ በላይ ግን በየወሩ ስሙ የሚጠራበት፣ ቃሉ የሚታመንበት ክበብ ነው። ሐዘን የደረሰበት ባልደረባ ቤት ድንኳን የሚተክለው፣ ወንበር የሚያጓጉዘው፣ አብሮ የሚያመሸው የመሥሪያ ቤቱ እድር ደግሞ ሐዘንተኛው ወደ ሥራው ሲመለስ ሰው እንዳለው አውቆ እንዲመለስ ያደርገዋል። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ነው እንደሚባለው ማለት ነው።

ይህ ሲባል ማኅበራዊ ኑሮው ጉድለት የለበትም ማለት አይደለም። ቡናው የሐሜት መድረክ የሚሆንበት ጊዜ አለ። አዲስ የተቀጠረን፣ ከሌላ አካባቢ የመጣን ወይም በአቅም ማነስ መዋጮ መክፈል ያልቻለን ባልደረባ የሚያገል ቡድንም አይጠፋም። ከሁሉ የበለጠ የሚጎዳው ደግሞ በብዙ ሰው መካከል ተቀምጦ ብቸኛ የሆነ ሰው ነው። በመሆኑም ባህሉ መድኃኒት የሚሆነው ለሁሉም ክፍት ሲሆን ብቻ ነው።

አራተኛውና ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ጉዳይ ዕረፍት ነው። በአንዳንድ የሥራ ዘርፎች አምሽቶ መሥራት የትጋት፣ ዓመት ፈቃድ አለመውሰድም የታማኝነት ምልክት ተደርጎ ይታያል። ሆኖም ዕረፍት ከአሠሪው የሚለመን ችሮታ ሳይሆን መብት ነው። የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 42 ሠራተኞች በአግባቡ የተወሰነ የሥራ ሰዓት፣ ዕረፍት፣ የመዝናኛ ጊዜ፣ ከክፍያ ጋር የሚሰጥ የዕረፍት ቀናት እንዲሁም ጤናማና አደጋ የማያደርስ የሥራ አካባቢ የማግኘት መብት እንዳላቸው ደንግጓል።

በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156 ይህን መብት በዝርዝር አስቀምጧል። በአዋጁ መሠረት መደበኛ የሥራ ሰዓት በቀን ከ8፣ በሳምንትም ከ48 ሰዓት መብለጥ የለበትም። የትርፍ ሰዓት ሥራ በቀን ከ4፣ በሳምንትም ከ12 ሰዓት እንዳይበልጥ ተገድቧል፤ ክፍያውም ከመደበኛው ከፍ ያለ ነው። ሠራተኛው በሳምንት ያልተቋረጠ የ24 ሰዓት ዕረፍት ያገኛል። የዓመት ፈቃዱ በመጀመሪያው የአገልግሎት ዓመት 16 የሥራ ቀናት ሲሆን፣ በተጨማሪ ሁለት ሁለት ዓመት አገልግሎት አንድ አንድ ቀን ይጨመርለታል። የወለደች ሠራተኛ ከወሊድ በፊት 30፣ ከወሊድ በኋላ ደግሞ 90 ቀናት ፈቃድ አላት፤ አባትም ለ3 ተከታታይ ቀናት ከሙሉ ክፍያ ጋር ፈቃድ ይሰጠዋል። የቅርብ ዘመድ የሞተበት ሠራተኛም የ3 የሥራ ቀናት ፈቃድ የማግኘት መብት አለው።

አዋጁ አሠሪው የሥራው ሂደት በሠራተኛው ጤንነት ላይ አካላዊ፣ ኬሚካላዊና መሰል ጉዳቶችን ብቻ ሳይሆን ሥነ ልቡናዊ ጉዳትም እንዳያስከትል የመከላከል ግዴታ እንዳለበት መጥቀሱ በተለይ ልብ ሊባል ይገባል። በሥራ ቦታ የሚፈጸም ጾታዊ ትንኮሳንም ይከለክላል። ይህ ማለት የሠራተኛ የመንፈስ ደኅንነት በአለቃ ደግነት ላይ ብቻ የተንጠለጠለ ሳይሆን በሕግ የሚጠየቅበት ጉዳይ ነው ማለት ነው። ክፍተቱ ያለው ይበልጡን በአፈጻጸም ላይ ነው። በትናንሽ ሱቆች፣ በምግብ ቤቶችና በካፌዎች ያለ ጽሑፍ ውል ተቀጥረው ከማለዳ እስከ ምሽት የሚሠሩ ወጣቶች ብዙዎቹ የሳምንት ዕረፍት መብት እንዳላቸው እንኳ አያውቁም። የሚያውቁትም ቢሆኑ ብጠይቅ እባረራለሁ ብለው ይሰጋሉ። ለእንጀራ መሥጋት በራሱ ከከባድ የመንፈስ ጫናዎች አንዱ ነው።

ዕረፍት ማጣት የሚያስከትለው ጉዳት በጥናት የተረጋገጠ ነው። የዓለም ጤና ድርጅትና ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2021 በጋራ ይፋ ባደረጉት ጥናት፣ በሳምንት 55 ሰዓትና ከዚያ በላይ መሥራት በሳምንት ከ35 እስከ 40 ሰዓት ከመሥራት ጋር ሲነጻጸር በስትሮክ የመያዝ ዕድልን በ35 በመቶ፣ በልብ የደም ሥር ሕመም የመሞት ዕድልን ደግሞ በ17 በመቶ ከፍ ያደርጋል። በረጅም የሥራ ሰዓት ምክንያት በ2016 ብቻ 745 ሺህ ያህል ሰዎች በዓለም ዙሪያ ለሞት መዳረጋቸውንም ድርጅቶቹ ገምተዋል።

እነዚህ አራት ነገሮች ማለትም ክብር፣ የመወሰን ድርሻ፣ የባልደረባ ድጋፍና ዕረፍት አንድ ላይ ሲገኙ ሠራተኛው በሥራው ይቆማል። ዋጋቸው ይበልጥ የሚታወቀው ግን ሲቋረጡ ነው። ለዚህም የፒያሳ የቅርብ ጊዜ ታሪክ ይጠቀሳል። አካባቢው ለውጥ ሲያስተናግድ የመጀመሪያው አይደለም። በጣሊያን ወረራ ዘመን ከቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አጠገብ የነበረው የአራዳ ገበያ ወደ ምዕራብ እንዲዛወር ተደርጎ ዛሬ መርካቶ በሚባለው ሥፍራ ተተክሏል፤ ፒያሳ የሚለው ስያሜም የተወረሰው ከዚያው ዘመን ነው። በ2016 ዓ.ም. ደግሞ የዓድዋ ድል መታሰቢያ በየካቲት ወር ከተመረቀ በኋላ፣ ከፒያሳ እስከ አራት ኪሎ ያለው መስመር በኮሪደር ልማት ሥራው ተካቶ የአካባቢው ገጽታ በአጭር ጊዜ ውስጥ ተለውጧል። ዶሮ ማነቂያን ጨምሮ በነባር መንደሮች የነበሩ ነዋሪዎችና ነጋዴዎችም ወደ ሌሎች የከተማዋ ክፍሎች ተዛውረዋል።

ሰፋፊ የእግረኛ መንገዶችና የመንገድ መብራቶች በእግሩ ወደ ሥራ ለሚሄደው ሰው ምቾት መስጠታቸው አይካድም። ከዚሁ ጎን ለጎን ግን የተዛወረው ሠራተኛ የተለየው ከግድግዳና ከጣሪያ ብቻ እንዳልሆነ ማስተዋል ይገባል። ለሃያና ለሠላሳ ዓመታት በአንድ መደዳ የሠራ ልብስ ሰፊ ደንበኞቹ በስሙ ይጠሩታል፤ ጎረቤቱ ባለሱቅ ቁልፉን ይጠብቅለታል፤ ዝርዝር ሲያጣ ያበድረዋል፤ ቢቀር የት ሄደ ብሎ ይጠይቃል። ሲንጀሩን በመኪና ጭኖ በአዲስ ሰፈር ሊተክለው ይችላል። ስሙን፣ አመኔታውንና ጎረቤቱን ግን ጭኖ ሊወስዳቸው አይችልም። እነዚህ እንደገና የሚሠሩ፣ ጊዜም የሚፈልጉ ነገሮች ናቸው።

በዚህ ላይ በሌላ ሀገር የተደረገ አንድ ቆየት ያለ ጥናት ማስታወስ ይጠቅማል። በኦስትሪያ ማሪየንታል በተባለች አነስተኛ መንደር ነዋሪው የሚተዳደርበት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ በ1930 እ.ኤ.አ. ገደማ በመዘጋቱ አብዛኛው ቤተሰብ ያለ ሥራ ቀረ። ማሪ ያሆዳና ባልደረቦቻቸው በመንደሯ ያካሄዱትን ጥናት እ.ኤ.አ. በ1933 አሳተሙ። ሥራ ፈቱ ሰው ጊዜ ስለተረፈው ይበልጥ ያነባል፣ በማኅበር ይሳተፋል ተብሎ ቢጠበቅም የታየው ግን ተቃራኒው ነበር። ከቤተ መጻሕፍት የሚወጣው መጽሐፍ ቀነሰ፤ ሰዎች በመንገድ ላይ የሚራመዱት እንኳ ዝግ ብለው ሆነ፤ ቀኑ መልክ አጣ። ያሆዳ በኋላ እንዳብራሩት ሥራ ከገንዘብ በተጨማሪ ለሰው የጊዜ ሥርዓት፣ ከቤተሰብ ውጭ ያለ ግንኙነት፣ የጋራ ዓላማ፣ በኅብረተሰብ ውስጥ ያለ ሥፍራና የዘወትር እንቅስቃሴ ይሰጠዋል።

ከዚህ የሚወሰደው ትምህርት ከተማ አይለወጥ የሚል አይደለም፤ የሥራ ቦታ ሲዛወር የሠራተኛው ግንኙነትም አብሮ ይታሰብ የሚል እንጂ። በአንድ አካባቢ የነበሩ የእጅ ባለሙያዎች በተቻለ መጠን ተቀራርበው እንዲሠሩ ማድረግ፣ ነባር እድሮችና ዕቁቦች አባሎቻቸው በተለያየ ሰፈር ቢበተኑም ስብሰባቸውን እንዲቀጥሉ ማገዝ፣ አዲስ የመጣውን ባለሙያ የአዲሱ ሰፈር ነዋሪ እንዲያውቀው ማድረግ ጉዳቱን ይቀንሳል። ከሩቅ ሰፈር ተነሥቶ በየዕለቱ ወደ መሐል ከተማ ለሚመላለስ ሠራተኛም አሠሪው የመግቢያና የመውጫ ሰዓቱን ጥቂት ቢያመቻችለት፣ በትራንስፖርት ሰልፍ የሚያልቀው ኃይሉ ለሥራው ይተርፋል።

የመንፈስ ጫና በጊዜው ካልተቃለለ ወደ ሕመም ሊያመራ ይችላል። በዚህ ጊዜ ሁለት ነገሮችን መለየት ይጠቅማል። የመጀመሪያው የሥራ መዛል ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 ባጸደቀው የበሽታዎች ምደባ የሥራ መዛል ራሱን የቻለ በሽታ ሳይሆን፣ በአግባቡ ካልተያዘ ሥር የሰደደ የሥራ ጫና የሚመጣ ሁኔታ መሆኑን አስፍሯል። ምልክቶቹም ሦስት ናቸው፤ የኃይል መሟጠጥ፣ ሥራን መጥላት ወይም ከሥራው በመንፈስ መራቅ እንዲሁም የሥራ ውጤታማነት መቀነስ ናቸው። ሁለተኛው ድብርት ወይም ጭንቀት የተባለው ሕመም ሲሆን፣ ይህ ሥራ ቦታ ላይ ብቻ የሚወሰን አይደለም። ለሁለት ሳምንታትና ከዚያ በላይ የቆየ ሐዘን፣ ከዚህ ቀደም ያስደስት በነበረ ነገር አለመደሰት፣ የእንቅልፍና የምግብ ፍላጎት መዛባት፣ ራስን እንደ ከንቱ መቁጠር ሲታይ የባለሙያ እርዳታ ያስፈልጋል። በተለይ መኖር አስጠላኝ የሚል ቃል ከአንድ ሰው አፍ ከወጣ ለነገ የሚባል ጉዳይ አይደለም።

በሀገራችን ብዙ ሰው ይህን ሕመም በስሙ አይጠራውም። ራሴን ያመኛል፣ ጨጓራዬ ተነሣ፣ ልቤን ደከመኝ፣ እንቅልፍ እምቢ አለኝ እያለ ከአንድ ክሊኒክ ወደ ሌላው ይመላለሳል። የአእምሮ ሕመም ሲባል ወደ አእምሮው የሚመጣለት ልብሱን ጥሎ በጎዳና የሚዞር ሰው በመሆኑ፣ ራሱን ከዚያ ጋር ማነጻጸር ይከብደዋል። አለቃዬ ቢሰማ ዕድገቴን ያስቀርብኛል የሚል ሥጋትም አለ። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም እንደሚባለው፣ ዝምታው ራሱ ሕመሙን ያከብደዋል። ድብርትና ጭንቀት በምክክርና እንደ አስፈላጊነቱ በመድኃኒት የሚታከሙ ሕመሞች ናቸው። ጠበል የሚጠመቅ ምእመንም ሐኪም ያዘዘለትን መድኃኒት ሳያቋርጥ እምነቱን መፈጸም ይችላል።

በኢትዮጵያ የአእምሮ ሕክምና ለረጅም ዘመን ተወስኖ የኖረው በአዲስ አበባው የአማኑኤል ሆስፒታል ነበር። ከጊዜ በኋላ አገልግሎቱ ወደ ሌሎች ሆስፒታሎችና ጤና ጣቢያዎች መስፋፋት የጀመረ ሲሆን፣ በ2005 ዓ.ም. የመጀመሪያው ብሔራዊ የአእምሮ ጤና ስትራቴጂ ተግባራዊ ሆኗል። በመሆኑም ምልክቱ የታየበት ሠራተኛ በቅድሚያ በአቅራቢያው ወደሚገኝ ጤና ጣቢያ ቢሄድ ምክርም ሆነ ወደ ከፍተኛ ሕክምና የሚያደርሰው ማስረጃ ሊያገኝ ይችላል። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ የሕመም ፈቃድ ድንጋጌም የታመመ ሠራተኛ በሐኪም ማስረጃ የመጀመሪያውን ወር ከሙሉ ደመወዝ፣ ቀጣዮቹን ሁለት ወራት ደግሞ ከግማሽ ደመወዝ ጋር ሊያርፍ ይችላል።

ጉዳዩ የግለሰብ ብቻ ሳይሆን የኢኮኖሚም ነው። የዓለም ጤና ድርጅትና ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2022 እንዳስታወቁት በድብርትና በጭንቀት ምክንያት በዓለም ላይ በየዓመቱ 12 ቢሊዮን ያህል የሥራ ቀናት ይባክናሉ፤ የሚያስከትለው ኪሳራም ወደ 1 ትሪሊዮን የአሜሪካ ዶላር ይጠጋል። ድርጅቱ በዚያው ዓመት ባወጣው መመሪያ መፍትሔው ሠራተኛውን ታገሥ ብሎ መምከር ብቻ ሳይሆን ሥራው የሚደራጅበትን መንገድ ማስተካከል፣ ኃላፊዎችንም የሠራተኞቻቸውን ጭንቀት አውቀው በአግባቡ እንዲረዱ ማሠልጠን መሆኑን አመልክቷል።

ከዚህ አኳያ ኃላፊው ወቀሳውን ለብቻ፣ ምስጋናውን በሰው ፊት ቢያደርግ፣ የወትሮ ጠባዩ የተለወጠን ሠራተኛ ከማስጠንቀቂያ ደብዳቤ በፊት ምን ሆነሃል ብሎ ቢጠይቅ የሚያጣው ነገር የለም። ባልደረባው ደግሞ ብቻውን ምሳ የሚበላውን ወደ ትሪው ሊጠራው፣ ምክር ከመስጠቱ በፊትም ሊያዳምጠው ይችላል። ሠራተኛው በበኩሉ የዓመት ፈቃዱን በወቅቱ መውሰድ፣ ከሥራ ሰዓት ውጭ ሥራን ከራሱ ማራቅ፣ ከአቅም በላይ ሲሆንበትም እርዳታ መጠየቅ ይጠበቅበታል። የሠራተኛ ማኅበራትም ስለ ደመወዝ ከሚያደርጉት ድርድር ጎን ለጎን የዕረፍትንና የአያያዝን ጉዳይ የኅብረት ስምምነታቸው አካል ሊያደርጉት ይገባል።

ከመቶ ዓመት በፊት በአራዳ ይሠሩ ለነበሩት የእጅ ባለሙያዎች በአዋጅ የተነገረው ቃል ሥራ የሚከበረው ሠሪው ሲከበር ነው የሚል መልእክት ነበረው። ከተማዋ ከዚያ ወዲህ ብዙ ጊዜ ተለውጣለች፤ ገበያው ተዛውሯል፣ ሕንፃው ተተክቷል፣ መንገዱ ሰፍቷል። መልእክቱ ግን ዛሬም ለወርቅ ሠሪው፣ ለአስተናጋጇ፣ በመስኮት ለሚሠራው የመንግሥት ሠራተኛና ለሊስትሮው እኩል ያስፈልጋቸዋል። ጠዋት ዳገቱን ወጥቶ ወደ ሥራው የገባ ሠራተኛ ማታ መንፈሱ ሳይሰበር ወደ ቤቱ እንዲመለስ፣ አሠሪው፣ ባልደረባውና የሚመለከታቸው አካላት ሁሉ የየበኩላቸውን ድርሻ ሊወጡ ይገባል።